ማንጋታያሩ የባሏን ስም የጠራች ዕለት

በቦዳፓለም መንደር ጋዜጣ የሚያነብ ሰው በጣት ይቆጠራል፤ የማንጋታያሩን ደጃፍ የማያነብ ግን የለም።

ማንጋታያሩ ጎህ ሲቀድ ትነሣለች። ደጇን ትጠርጋለች፣ እበት የተበጠበጠበት ውኃ ትረጫለች፣ ከዚያ ወገቧን እጥፍ አድርጋ የሩዝ ዱቄት በጣቶቿ መሐል እያንጠባጠበች ሙጉ የሚሉትን የደጅ ሥዕል ትሥላለች፤ መጀመሪያ ነጥብ፣ ከነጥቡ መስመር፣ ከመስመሩ አበባ። ይህን የማታደርግ ባለትዳር በመንደሩ የለችም። ሬሳ የወጣበት ቤት ካልሆነ በቀር ማንም ደጁን ባዶ አይተውም። የማንጋታያሩ ሙጉ ከሌላው የሚለየው ወሬ ስለሚያወራ ነው። ልጇ ሄማላታ የላቦራቶሪ ትምህርቷን የጨረሰች ጊዜ ደጃፉ ላይ ጣዎሶች ጭራቸውን ዘርግተው ሲንጎራደዱ ታዩ። ከባሏ ጋር የተኳረፈች ዕለት ደግሞ መስመሩ ሁሉ እሾህ እሾህ ይላል። ከመንገዱ ማዶ ያለችው ፑላማ ጥርሷን እየፋቀች ብቅ ትልና፣ ቆማ አንብባ፣ «ዛሬ ሰውየው ቁርስ የለውም» ብላ ትገባለች። ተሳስታ አታውቅም።

ማንጋታያሩ ወደዚህ ቤት በሙሽርነት ስትገባ አማቷ የሰጠቻት ስጦታ መጥረጊያ ነበር ይባላል። ሌላዋ ብትሆን ታኮርፍ ነበር። እሷ ግን በዚያው መጥረጊያ አማቷን ሳይቀር ከማድ ቤት ጠርጋ አስወጣቻት። አቧራ ከሷ ጋር የግል ጠብ አለው። ሸረሪት እንኳ በዚያ ቤት ድር ለማድራት የጎረቤት ዋስ ትጠራለች እያሉ ያሟታል።

ባሏ ሱባራዩዱ ዕድሜውን የጨረሰው በሩዝ ወፍጮ ቤት ሚዛን ላይ ነው። ደግ ሰው ነው፤ ደግነቱም የመጣው «እንቢ» የምትለዋን ቃል እናቱ ስላላስተማረችው ነው። አላፊ አግዳሚው በሬውን ቢያሲዘው ይዞ ይቆማል። ማንጋታያሩም ሌላውን ሁሉ ብታዝዘውም አንድ ነገር ግን አድርጋ አታውቅም፤ በስሙ ጠርታው አታውቅም። ሚስት የባሏን ስም ካነሣች ዕድሜው ያጥራል። የጤና ጣቢያው ጸሐፊ «የባልሽ ስም ማነው?» ሲላት ሄማን በክርኗ ጎሸም ታደርጋለች፣ ሄማ ትመልሳለች። ቤት ውስጥ «ይስሙ እንጂ!» ነው፤ ስትናደድ «የሄማ አባት!» ነው፤ ከዚያ ያለፈ የለም።

እንግዲህ በዚህ ቤት ላይ ነው ፊልም ሠሪዎች የመጡት።

አለቃቸው ሳቲባቡ የሚሉት፣ መነጽሩን ግንባሩ ላይ የሰቀለ ጎረምሳ ነው። ቀድሞ የሠርግ ቪዲዮ ይቀርጽ ነበር፤ ሙሽሮች አልስቅ እያሉ ቢያማርሩት ወደ ሙታን ዞረ። ወጪውን የሚችልለት ዶራባቡ የተባለ፣ ሽሪምፕ የሚሉትን ትንሽ የውኃ ፍጥረት የሚያረባ የኩሬዎች ጌታ ነው። ለሠራተኛው ሁሉ ቁርስ ሽሪምፕ፣ ምሳ ሽሪምፕ፣ ራት ሽሪምፕ ያቀርባል።

«አማ፣» አላት ሳቲባቡ፣ እናቴ እንደ ማለት፣ በረንዳው ላይ እጁን አጣምሮ፣ «ቤታችሁን ለአንዲት መንፈስ ፈልገነው ነበር።»

«ተከራይ ናት?»

«ኧረ ተዋናይት ናት። የሞተች ምራት ሆና ቤተሰቡን ታስጨንቃለች።»

«ለማስጨነቅማ መሞት ምን አስፈለጋት? በቁማቸው የሚያደርጉት መች ጠፋ?»

ልትመልሰው ነበር። ግን ሳቲባቡ ሳያስበው የልቧን ጅማት ነካ። «ቤቱን ከመሠረቱ እስከ ጣራው ቀለም እንቀባላችኋለን» አላት።

ቤቱ ደግሞ ቀለም እየጮኸ የሚለምንበት ጊዜ ነበር። ሄማን ለትዳር የሚያይ ሊመጣ ነው። ልጁ ጎፒናት ይባላል፤ ካኪናዳ ከተማ የመኪና ጎማ ይሸጣል፤ በሩቁም ዘመድ ነው። እናቱ ቻያማ የፊታችን ሳምንት መጥታ ልጅቷን ወግ ባለው መንገድ ልታያት ቃል ተገብቷል። ሄማ ከዚህ በፊት ብዙ ታይታለች። አንዱ አጠረች አለ፣ አንዱ ሥራ ታበዛለች አለ፣ አንደኛው የቀረበለትን ጣፋጭ ጠራርጎ በልቶ መልስ ሳይልክ ቀረ። ልጅቷ ሳቅ አቁማ ነበር። በቅርቡ ግን ማንጋታያሩ በርበሬ ልታሰጣ ጣራ ላይ ስትወጣ ልጇ ከውኃ ጋኑ ጀርባ ተደብቃ፣ ስልኳን ጆሮዋ ላይ ለጥፋ፣ ትንፋሿ እስኪያጥር ስትንከተከት አገኘቻት። ጎማ ሻጭ በስልክ ምን ቢናገር እንዲህ ያስቃል? ማንጋታያሩ ኮቴዋን አጥፍታ ወረደች። በማግስቱ ማንጋታያሩ ደጃፏ ላይ የሳለችውን ነገር ፑላማ እንኳ ማንበብ አቃታት።

ስለዚህ ቀለም ሲባል፣ «እሺ» አለች። ሱባራዩዱማ ከሷ ቀድሞ እሺ ብሏል።

ሳቲባቡ ቃሉን አላጠፈም። በማግስቱ ማንጋታያሩ ከቤተ መቅደስ ስትመለስ የቤቷን ደጅ አልፋ ሄደች፤ የራሷ አልመሰላትም። ነጭ የነበረው ግንብ ከላይ እስከ ታች ሽበት አብቅሏል፤ አረንጓዴ ሻጋታ፣ ጥቁር ጥላሸት፣ ከመሠረት እስከ ጣራ የተሰነጠቀ የሚመስል መስመር፣ በሩ ላይ ደግሞ ቁልቁል የተንሸራተተ የደም መዳፍ። ሁሉም በጥንቃቄ፣ በቡሩሽ፣ በጥሩ ቀለም።

«ምንድን ነው ይሄ?»

«ቀለም ነዋ፣ አማ!» አለ ሳቲባቡ ደረቱን ነፍቶ። «ከመሠረቱ እስከ ጣራው። ያችን ስንጥቅ ብቻ ግማሽ ቀን ፈጀንባት። አይዞሽ፣ ስንጨርስ ነጩን እንመልሰዋለን፤ እንግዶችሽ ከመምጣታቸው በፊት።»

ሱባራዩዱ በረንዳ ላይ ቁጭ ብሎ ሻይ እየጠጣ ነበር። «ሻጋታው ግን እውነት ይመስላል» አለ በአድናቆት። ማንጋታያሩ ስታየው ብርጭቆውን ይዞ ወደ ጓሮ ሄደ።

ፊልሙ በዚህ ዓይነት ተጀመረ። ኮከብ ቆጣሪው ባወጣው ሰዓት ለበረከት ኮኮናት ተሰበረ፣ ካሜራው ላይ ቀይ ዱቄት ተነሰነሰ፣ መስኮቱ ሁሉ በጥቁር ጨርቅ ተጋረደ። ሌሊት መቅረጽ ዋጋው ውድ ስለሆነ ሌሊቱን የሚሠሩት ቀትር ላይ ነው። ውስጥ መንፈስ ትጮኻለች፤ ውጭ አናት በሚበሳ ጸሐይ ላይ የማንጋታያሩ በርበሬ ይደርቃል።

ከዚያ ጦርነቱ መጣ። የሳቲባቡ ሰዎች በምሳ ሰዓት ደረጃው ላይ ድር ያደራሉ፤ ከምሳ ሲመለሱ ድር የለም። ወለሉ ላይ ደም ያፈሳሉ፤ ማንጋታያሩ በተማሪንድ፣ በዚያ ኮምጣጣ ፍሬ፣ ፈትጋ ታስለቅቀዋለች። መንፈሷ በአቧራ ክፍል ገብታ በሚያብለጨልጭ ክፍል ትወጣለች።

«አማ፣ በእግርሽ እወድቃለሁ!» አለ ሳቲባቡ። «ይህቺ መንፈስ የተረሳች፣ የተገፋች ምራት ናት። ቤቷ ቆሻሻ ነው!»

«የማን ምራት ናት?»

«የዚህ ቤት።»

«የዚህ ቤት ምራት ከሆነች ሞታም ትጠርጋለች» አለች ማንጋታያሩ መጥረጊያዋን እያነሣች። «ስታስፈራራ ትዋል፤ ግን መጀመሪያ ትጥረግ።»

ተዋናይቷ ራሷ ከሃይደራባድ የመጣች ምስኪን ልጅ ናት። በቀን ሦስት ጊዜ ሽሪምፕ ሲሰጧት አልስማማት ብሎ ፊቷ አብጦ ዓይኗ ተደፈነ። ሌላ አገር ቢሆን ሐኪም ይጠራል። ሳቲባቡ ግን ባየት ጊዜ ደስታውን መቆጣጠር አቅቶት፣ «እንዲህ ሁኚልኝ! ሜካፕ ተረፈን!» ብሎ ተጨማሪ ሽሪምፕ አዘዘላት። ማንጋታያሩ አዝናላት በስርቆት እርጎና ሩዝ ታበላት ነበር። ሳቲባቡ መንፈሷ ለምን እየዳነች እንደሆነ እስከ መጨረሻው አልገባውም።

ይህ ሁሉ ይቻላል። የማይቻለው ሙጉው ነበር።

«ከነገ ጀምሮ የቤቱን ፊት እንቀርጻለን» አለ ሳቲባቡ። «ደጁ ላይ ዱቄት እንዳይኖር። ሰው የማይኖርበት ቤት ደጅ ላይ አበባ ከታየ ተመልካቹ ይስቅብናል።»

«ደጄን ባዶ? እኔ በሕይወት እያለሁ?»

«ለጥቂት ቀን ብቻ፣ አማ።»

ወደ ባሏ ዞረች። ሱባራዩዱ ጣራውን እያየ ነው። እሺ ካለ ቆይቷል።

በማግስቱ ማንጋታያሩ እንደ ልማዷ ጎህ ሲቀድ ነቃች። ጣቶቿ እያሳከኳት፣ ማድ ቤት ገብታ ምድጃው ጠርዝ ላይ በዱቄት አንዲት ትንሽ ዓሣ ሳለችና እጇን ታጠበች። ደጁ ባዶውን ቀረ።

ፑላማ ጥርሷን እየፋቀች ወጣች። አየች። መፋቂያዋ ከአፏ ወደቀ።

ባዶ ደጅ። በሩ ላይ ጥላሸት። መስኮቱ በጥቁር ጨርቅ የተሸፈነ። በረንዳው ላይ ደግሞ ሱባራዩዱ፣ ዝንብ እንዳያስቸግረው ነጠላ ጨርቅ እስከ ፊቱ ተከናንቦ ተዘርግቷል። ፑላማ ፊልም እንደሚሠራ ታውቃለች ቢባል ማን ይክዳል? ሁሉንም በየቀኑ አጥር ላይ ተንጠልጥላ ስታይ ነው የከረመችው። ግን ማንጋታያሩ ለፊልም ብላ ሙጉዋን ትተዋለች ብሎ ማመን ሰውየው ሞተ ብሎ ከማመን ይከብዳል። በዚያ ላይ ደጃፉን አንብባ ተሳስታ አታውቅም።

ፀሐይ ሳይሞቅ ወሬው ቦዩን ተሻገረ። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይሉ የለ፤ ሱባራዩዱ መሞቱን ያልሰማ ሱባራዩዱ ብቻ ነበር። ከእንቅልፉ ተነሥቶ ሳሙና ሊገዛ ሱቅ ሲሄድ ባለሱቁ ከባንኮኒው ሥር ገባ። እዚያ መንደር ውስጥ ያለው ወሬ በምሳ ሰዓት ተስተካከለ፤ ሰዉ መጥቶ ዳብሶት፣ ስቆ ሄደ። የፑላማ የአክስት ልጅ ግን ካኪናዳ ናት። የቻያማም ጎረቤት ናት። ወሬውን ያደረሰችው የመጀመሪያውን እንጂ የታረመውን አልነበረም።

በማግስቱ ጠዋት የሄማ ስልክ ጮኸ። ከእናቷ ፊት ስለነበረች መደበቅ ሳትችል አነሣችው።

«ሄማ፣ አምላክ ያጽናሽ» አለ ጎፒናት በተሰበረ ድምፅ።

«ለምኑ?»

«ለአባትሽ ነዋ።»

«አባዬ አሁን ሽሪምፕ እየበላ ወጣ እኮ።»

«እርግጠኛ ነሽ?»

«ሞቶ ቢሆን ሁለተኛ ሳህን ይጠይቅ ነበር?»

«ወይኔ ጉዴ! እናቴ እኮ አውቶቡስ ተሳፍራለች። ደውዬ በሕይወት አለ ብላት ‹ያዘነ ሰው መጀመሪያ አያምንም፣ አንተንም አሳመኑህ› ብላ ዘጋችብኝ።»

ማንጋታያሩ ስልኩን ከልጇ እጅ ነጠቀች። «ልታለቅስ ነው የምትመጣው፣ ልጄ?»

«ልታለቅስና…» አለ ልጁ፣ ማን እንደሆነች ሲያውቅ ድምፁ አንሶ፣ «ልታለቅስና ነገሩን ልትዘጋው፣ አማ። የጋብቻ ወሬ ተጀምሮ ሳያልቅ ሞት የገባበት ቤት ልጅ እድሏ ከባድ ነው ትላለች። እኔ በሞተር ተከትያት ወጥቻለሁ። እባክሽ፣ አባባን ደጅ አስቀምጪልኝ። ይታይ ብቻ።»

ማንጋታያሩ ልጇን አየቻት። ሄማ የሻርፗን ጫፍ ጣቷ ላይ ትጠመጥማለች፣ ትፈታለች፣ ትጠመጥማለች።

«ቢጫውን ሳሪሽን ልበሺ» አለቻት። «እኔ ሰውየውን ላምጣ።» የተተኮሰ ነጭ ሸሚዝ ይዛ ወጣች። አሳቧ ቀላል ነው፤ ባሏን አጥባ፣ አልብሳ፣ በሩ ላይ አስቀምጣ፣ ጋዜጣ ጮክ ብሎ እንዲያነብ ማድረግ። ጋዜጣ የሚያነብ ሬሳ የለም።

ጓሮ የለም። ሱቅ የለም። ቦዩ ዳር የለም። ሽሪምፑ ዘንድ እንኳ የለም።

ሱባራዩዱ ሞቶ ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። የዚያን ቀን የሚቀረጸው መንፈሷ ያስደነገጠቻቸው አማት በረንዳ ላይ ተገንዘው የሚታዩበት ነው። አማቱን የሚሠራው ሰውዬ ሌላ ፊልም ውስጥ እስከ መጨረሻው በሕይወት የሚቆይበት ሥራ አግኝቶ ሳይመጣ ቀረ። ማንጋታያሩ ቦዩ ዳር ስትፈልገው፣ ሳቲባቡ ዙሪያውን ቢያይ ሱባራዩዱ ቆሟል።

«ጋሼ፣ መተኛት ነው፣ ሌላ ምንም የለውም።»

እንቢ የት ያውቃል። ምንጣፍ ላይ አጋደሙት፣ አንገቱ ላይ የአበባ ጉንጉን፣ አፍንጫው ውስጥ ጥጥ። መጀመሪያ ሲቀረጽ ተነፈሰ። ቀጥሎ ጭኑን አከከ። ቀጥሎ አጥሩ ላይ ላለችው ፑላማ ፈገግ አለ። ሳቲባቡ ጸጉሩን ይዞ መሬት ላይ ቁጭ ሲል ሱባራዩዱ ከልቡ አፈረ። በወፍጮ ቤቱ ያን ሁሉ ዘመን አንድ ኪሎ አጉድሎ አያውቅም፤ አሁን ሬሳ መሆን ያቅተው? «ልጄ፣» አለ፣ «አንተ ካት እስክትል ሰማይ ቢወድቅ ንቅንቅ አልልም።» ትንፋሹን ሳበና ያዘ።

«አክሽን!»

ልክ በዚህ ጊዜ አውቶቡሱ መንገዱ ላይ ቆመ።

ቻያማ ሰፊ ሴት ናት። በካኪናዳ ለቅሶዋ የታወቀ ነው፤ ሟቹን ባታውቀውም ከሚያውቁት አብልጣ ታለቅሳለች፣ ለዚህም ይጠሯታል። ባዶውን ደጅ አየች፣ ጥላሸቱን አየች፣ በረንዳው ላይ የተዘረጋውን አየች፤ ከደጅ ጀምራ ደረቷን እየደቃች ገባች።

«አንተ ደግ ሰው! አንተ ለሚዛን የታመንህ! የልጅህን ሠርግ ሳታይ ወዴት ሄድህ!»

ካሜራ ያዡ ወደ ሳቲባቡ ዞረ። ሳቲባቡ ዓይኑ በእንባ ሞልቶ በእጁ ምልክት ሰጠ፤ ቀጥል፣ ቀጥል! ዶራባቡ በስተመጨረሻ ገንዘቡን ፈትቶ እውነተኛ ተዋናይት የላከለት መስሎታል።

ማንጋታያሩ ሸሚዙን እያውለበለበች ደረሰች። «ቻያማ እህቴ! አልሞቱም! አልሞቱም እኮ!»

ቻያማ አቅፋ ደረቷ ላይ አጣበቀቻት። «አልቅሺ፣ እህቴ። የኔም ጌታ የሄደ ጊዜ ሦስት ቀን ሙሉ አልሞተም ብያለሁ።»

«እስቲ እይያቸው!»

አዩት። ትንፋሽ የለም። ሱባራዩዱ በሕይወቱ እንዲህ ጎበዝ ሆኖ አያውቅም።

ማንጋታያሩ ተንበርክካ እግሩን ያዘች። «ይነሡ እንጂ!» ምንም። ጣቱን ቆነጠጠች። ምንም። «ይስሙ! እንግዳ መጥቷል! የሄማ አባት!» ሬሳው ጸና። ከወዲያ ሳቲባቡ ካት ማለቱን ረስቶ ጣቱን እየነከሰ ያለቅሳል፤ በሥራ ዘመኑ እንዲህ ያለች የሟች ሚስት አላየም።

ቻያማ ፊቷን በሳሪዋ ጫፍ ጠረገች። ለቅሶው ወግ በወግ ተፈጽሟል። የቀረው ሌላው ጉዳይ ነበር። «እንግዲህ እህቴ» አለች ድምፅዋን ለውጣ፣ «እንዲህ ባለው ቀን ማንሣት ባይገባም፣ የልጆቹን ነገር…»

ማንጋታያሩ ቀና አለች። ሄማ ቢጫ ሳሪዋን ለብሳ ደረጃው ላይ ቆማለች። እጇ አፏ ላይ ነው። ያ ከውኃ ጋኑ ጀርባ የተደበቀ ሳቅ፣ በሚቀጥለው ዓረፍተ ነገር ሊያልቅ ነው።

ያኔ ማንጋታያሩ ባሏ ላይ ጎንበስ ብላ፣ በትዳር ዘመኗ ሁሉ ያልወጣትን ቃል ከአፏ አወጣች።

«ሱባራዩዱ!»

ከአጥሩ ላይ ፑላማ «ስሙን ጠራችው!» ብላ ተንደባለለች። ከደረጃው ሥር ተደብቃ እርጎ የምትበላው መንፈስ ሳህኗን ጣለች። ሬሳው አንድ ዓይኑን ከፈተ። ከዚያ ሁለተኛውን። ከዚያ ተነሥቶ ቁጭ አለና፣ ጥጡ ከአፍንጫው እንደተንጠለጠለ፣ «ምን አልሽኝ?» አለ።

ቻያማ እንዴት አግዳሚ ወንበር ላይ እንደወጣች ማንም አላየም። እዚያ ላይ ሆና ጮኸች፤ ጩኸቷ ሲያልቅ ግን ካሜራውን አየች፣ መብራቱን አየች፣ ያበጠ ፊት ያላትን መንፈስ አየች። ገባት። የገባት ደግሞ ካልገባት የባሰ ሆነ።

«በቁሜ አላገጣችሁብኝ!» አለች። «ዕድሜ ጠገብ ሴት አውቶቡስ አሳፍራችሁ፣ ለደህና ሰው አስለቅሳችሁ፣ ፊልም አነሣችሁ! የዚህን ቤት ልጅ? ልጄ ጎማውን ያግባ!»

ወርዳ ሄደች። በሩ ጋ ስትደርስ ማንጋታያሩ ከኋላዋ፣ ዓይኗን በጨው አጥባ፣ «ቁራ ነው፣ እህቴ» አለች።

ቻያማ ቆመች።

«ቁራ ራሳቸው ላይ አረፈባቸው። መኻል አናታቸው ላይ።»

ይህን ጊዜ ያልደነገጠ የለም። ቁራ አናቱ ላይ ያረፈበት ሰው ሞት ተጽፎበታል፤ የሚያስፍቀው አንድ ነገር ብቻ ነው። ለዘመድ ሞተ ብሎ በሐሰት ማርዳት። ዘመድ አምኖ ከልቡ ካለቀሰ፣ ሞት ድርሻውን የወሰደ መስሎት ይመለሳል። ይህንን የማያውቅ በጎዳቫሪ ወንዝ ግራና ቀኝ አልተወለደም።

«ታዲያ ለማን ልላክ?» ቀጠለች ማንጋታያሩ፣ እንባዋ እውነት ሆኖ እየመጣ። «እዚህ ያሉት ሲያለቅሱ አንድ ዓይናቸው ድስት ላይ ነው። ከልቧ የምታለቅስ አንድ ሰው ብቻ ነው የማውቀው። ተሳሳትኩ?»

«ቁራውን ማን አየው?» አለች ቻያማ፣ ሙሉ በሙሉ ሳትሸነፍ።

ሁሉም ወደ አጥሩ ዞረ። ፑላማ ከወደቀችበት ተነሥታ አቧራዋን ስታራግፍ ነበር። ውሸታም ወሬኛ ሆና መቅረትና ሰው ያዳነች መልእክተኛ መሆን ፊቷ ቀርቦላታል። ብዙ አላሰበችም።

«እኔ አየሁት» አለች። «ትልቅ ነው። የዶሮ ያህላል። ወሬውን እንዳደርስም የተላክሁት እኔ ነኝ።»

ሱባራዩዱ አናቱን ዳበሰ። «የትኛው ቁ…» ማለት ሲጀምር ሚስቱ ጥጡን ወደ አፍንጫው መለሰችው።

ቻያማ ቀስ ብላ ወደ በረንዳው ተመለሰች። አረማመዷ ተለውጧል፤ ነፍስ ያተረፈ ሰው አረማመድ ነው። «እንግዲያው» አለች፣ «ሞት በቅቶት ይሆን? ወይስ ገና ነው?»

«መኻል ላይ ነው ያቋረጥሽው» አለች ማንጋታያሩ።

«ግማሽ የተፋቀ ሞትማ ካልተፋቀው ይብሳል። ተኛ፣ ወንድሜ።»

«አማ፣» አለ ሳቲባቡ ከካሜራው ጀርባ በትሕትና፣ «ትንሽ ወደ ግራ ብትሆኚ ብርሃኑ ፊትሽ ላይ ያምራል።»

ቻያማ ጸጉሯን አስተካክላ ወደ ግራ ሆነች። ሱባራዩዱ ተጋደመ፣ ትንፋሹን ያዘ። ጎፒናት በሞተር አቧራ ለብሶ የደረሰው በዚህ መኻል ነው። በሩ ላይ ቆሞ የወደፊት አማቱን ከነጥጡ፣ እናቱንም ደረቷን ስትደቃ ሲያይ እሱም እጁን ራሱ ላይ ጫነ። ሄማ ከደረጃው ላይ ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ ዝም በል አለችው፤ ከዚያ መሳቋን መያዝ አቅቷት ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። የአባቷ ሬሳ ፊት የምትስቅ ልጅ አይቶ ነው ጎፒናት ሁሉም ደህና መሆኑን ያወቀው።

ቻያማ ሁለቱንም በእንባዋ መኻል አየቻቸው። ለቅሶዋን ሳታቋርጥ፣ ዜማውንም ሳትሰብር፣ ቀጠለች፦

«አንተ ደግ ሰው! አንተ ሚዛነኛ! ያችን ባለ ቢጫ ልጅህን ለልጄ እሺ ብለህ ብትሰጠኝ ምን ነበረበት!»

ሱባራዩዱ ደግሞ፣ ሞቶም ቢሆን፣ የለመነውን ሰው እንቢ ብሎ አያውቅም። ራሱን ነቀነቀ።

«ሬሳው ነቀነቀ! ካት! ካት!» ጮኸ ሳቲባቡ። የሰማው የለም። ማንጋታያሩና ቻያማ ተቃቅፈዋል፤ በዚህኛው ለቅሶ ማን ለምን እንደሚያለቅስ መለየት አልተቻለም።

ያንን ቦታ እንደገና መቅረጽ አልሆነም። ካሜራው የተዋሱት ነበርና በዚያው ቀን ተመልሶ ሄደ። ሳቲባቡም እንዳለ ተወው። ቤቱ ነጭ ሲቀባ፣ ሠርጉ ሲደገስ፣ ፊልሙ ሲወጣ አንድ ላይ ሆነ፤ ሳቲባቡ ሠርጉን በነጻ ቀረጸ፣ ሙሽሮቹም ያለ ማቋረጥ ሳቁለት።

ፊልሙን ፓላኮሉ ከተማ ሲኒማ ቤት ሄደው አዩት። ሰዉ መንፈሷን አይቶ አልፈራም፤ ቤቱ በጣም ንጹሕ ነው ብሎ አጉረመረመ። ግን በረንዳው ላይ የተዘረጋው ሬሳ፣ በለቅሶው መኻል፣ ቀስ ብሎ ራሱን ሲነቀንቅ አዳራሹ በጩኸት ተናጋ። ከማንጋታያሩ አጠገብ የተቀመጠች የማታውቃት ሴት እጇን ጨምድዳ ያዘቻት።

ማንጋታያሩ ለውዟን እየፈለፈለች ጎንበስ አለችላት። «አትፍሪ» አለቻት። «ልጃቸውን እየዳሩ ነው።»